ስሟ ያልተጻፈ መራጭ

አንድ ፊልም ሲያልቅ ምን ታደርጋላችሁ? አብዛኞቻችሁ ስሞቹ ከታች ወደ ላይ መውጣት ሲጀምሩ ታጠፉታላችሁ፤ ወይም ወደሚቀጥለው ትሻገራላችሁ። አልፈርድባችሁም፤ ስሞቹ ብዙ ናቸው፣ ፊደሉም ደቃቅ ነው። ዛሬ የማወራችሁ ግን ከእነዚያ ስሞች መካከል ለረጅም ዘመን ጨርሶ ስለማይጻፍ አንድ ሙያ ነው። ተዋናይ መራጭነት ይባላል፤ የፊልም ሰዎቻችን «ካስቲንግ» የሚሉት ነው። ታሪኩን የምንከተለው በአንዲት አሜሪካዊት ሴት ሕይወት በኩል ነው። ስሟ ማሪየን ዶኸርቲ ይባላል። ዓመታቱን ሁሉ የማስቀምጠው በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆኑን ከወዲሁ ልንገራችሁ።

ነገሩ ሩቅ አይምሰላችሁ። ይህን ሥራ እናንተም ትሠሩታላችሁ። የገና ድራማ ሲቃረብ የወጣቶች ኅብረቱ የድራማ ክፍል ተሰብስቦ «ሄሮድስን ማን ይሥራ? ማርያምንስ?» ይላል። ከዚያ አምና የሠራው ይጠራል። ድምፁ ጎላ ያለው ሄሮድስ ይሆናል፣ መልኳ ያማረው ማርያም ትሆናለች፣ ያ ዝምተኛ ልጅ ደግሞ ዘንድሮም ወይ እረኛ ነው ወይ መጋረጃ ጎታች። ሆሊውድም ለብዙ ዓመት ከዚህ የተለየ ነገር አልሠራም።

በ1930ዎቹና በ1940ዎቹ ትልልቆቹ የፊልም ኩባንያዎች ተዋናዮችን እስከ ሰባት ዓመት በሚዘልቅ ውል ያስፈርሙ ነበር። ተዋናዩ እንደማንኛውም ሠራተኛ ደመወዝተኛ ነው፤ የሚሠራውን ፊልም የሚወስንለት ኩባንያው ነው፤ ስሙ አልጥም ካላቸው ስሙን ሳይቀር ይለውጡለታል። በየኩባንያው የካስቲንግ ክፍል ነበረ፤ ሥራው ግን ከመዝገብ ቤት ሥራ ብዙ አይርቅም። መልከ መልካም ወጣት ሲፈለግ ውል ካላቸው መልከ መልካሞች አንዱን፣ ክፉ ሰው ሲፈለግ ፊቱ ክፉ ከሚመስለው አንዱን መላክ ነው። ሰው እንደ ዕቃ በዓይነት በዓይነቱ ተደርድሮ ይቀመጥ ነበር ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

ይህ አሠራር የተናጋው በ1940ዎቹ መጨረሻ ነው። በ1948 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ኩባንያዎቹ ፊልም እየሠሩ ሲኒማ ቤቶቹንም በእጃቸው መያዛቸው ሕገ ወጥ ነው የሚል ፍርድ ሰጠ። በዚያው ሰሞን ቴሌቪዥን ወደየቤቱ መግባት ጀመረ። ገቢያቸው የቀነሰ ኩባንያዎች ብዙ ተዋናይ በደመወዝ መቀለብ አልቻሉም። መዝገቡ ቀስ በቀስ ባዶ ሆነ ማለት ነው። እንግዲህ ፊልም መሠራቱ አልቀረም፤ ታዲያ ሰው ከየት ይምጣ?

ማሪየን የተወለደችው በ1923 በፔንሲልቬንያ ግዛት ሆሊዴይስበርግ በምትባል ትንሽ ከተማ ነው። ዩኒቨርሲቲ ገብታ ቴአትር ተምራለች። ኒውዮርክ ስትደርስ ግን ያገኘችው እንጀራ የአንድ ትልቅ የልብስ መደብር መስኮቶችን ማስዋብ ነበር። በ1940ዎቹ መጨረሻ ገደማ በአንድ ወዳጇ አማካይነት «ክራፍት ቴሌቪዥን ቴአትር» በተባለ ፕሮግራም የተዋናይ መራጭ ረዳት ሆና ገባች። ብዙም ሳይቆይ መራጭነቱ ራሱ በእሷ እጅ ወደቀ።

ይህ ፕሮግራም ምን ዓይነት እንደ ነበረ ካላወቃችሁ የማሪየን ዐይን ከየት እንደ መጣ አይገባችሁም። ወጪውን የሚሸፍነው የአይብ አምራች ኩባንያ ነው። በየሳምንቱ የአንድ ሰዓት ድራማ ይተላለፋል፤ ያውም በቀጥታ። ተቀርጾ፣ ተቆርጦ፣ ተስተካክሎ የሚባል ነገር የለም። ተዋናዩ ቃሉን ከረሳ አገር ሁሉ ያየዋል። በሚቀጥለው ሳምንት ደግሞ ሌላ ድራማ፣ ሌላ ታሪክ፣ ሌሎች ሰዎች። ከ1953 መጨረሻ ጀምሮ ለአንድ ዓመት ከጥቂት ወር ያህል በሳምንት ሁለት ድራማ ወደማቅረብ ደርሰው ነበር። በ1958 እስኪቆም ድረስ ከ600 በላይ ድራማዎች ታይተውበታል። ለእያንዳንዱ ደግሞ ሰው መገኘት አለበት፤ ክፍያው አነስተኛ ስለሆነ ስመ ጥሩን ተዋናይ ማሰብ አይቻልም።

ስለዚህ ማሪየን ሰው ያላየውን ሰው መፈለግ ነበረባት። ማታ ማታ ትንንሽ ቴአትር ቤቶችን ትዞራለች፤ ቀን ቢሮዋ የሚመጡትን ታነጋግራለች። ያየችውን ሁሉ በመዳፍ በሚያዙ ትንንሽ ካርዶች ላይ ትጽፋለች። ለአንድ ተዋናይ አንድ ካርድ ትመድብለታለች፤ የት እንዳየችው፣ ምን እንደሚችል፣ ምን እንዳልሆነለት ታሰፍርበታለች። ዓመታት ሲያልፉ ካርዶቹ ሳጥን ሞሉ። ኮምፒውተር ከመምጣቱ በፊት ስለ ኒውዮርክ ተዋናዮች የተሟላ ማስታወሻ ፈልጎ ከእነዚያ ሳጥኖች የተሻለ ማግኘት የሚቻል አይመስለኝም።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉ። ማሪየን አዲስ ሰው የፈለገችው መጀመሪያ ቸር ስለ ነበረች አይደለም፤ ገንዘብ ስላልነበራት ነው። እጦት ዐይን ከፈተላት። ሌሎች ብዙ መራጮችም ያው እጦት ነበረባቸው፤ እነሱ ግን ያገኙትን አስገብተው ሳምንቱን አለፉ። እሷ ያገኘችውን መዘገበች፣ አስታወሰች፣ ተከታተለች። በ1953 ጄምስ ዲን የሚባል ገና ዝናው ያልወጣ ወጣት በክራፍት ድራማ ላይ ዋናውን ሚና ይዞ ታየ። ሁለት ዓመት አልፎ ስሙ በዓለም ሁሉ ተጠራ። ዋረን ቢቲም ወደ ሲኒማ ከመግባቱ በፊት እዚያ ታይቷል።

ክራፍት ካለቀ በኋላ «ኔከድ ሲቲ» ለተባለ የፖሊስ ተከታታይ ፊልም መምረጥ ጀመረች። ይህኛው በስቱዲዮ ሳይሆን በኒውዮርክ ጎዳናዎች ላይ የሚቀረጽ ነበር። ጎዳና ላይ ደግሞ የሆሊውድ ፊት አይሆንም። እውነተኛ ፎቅ ሥር፣ እውነተኛ አላፊ አግዳሚ መካከል የሚቆመው ሰው እንደዚያው መንገደኛ ካልመሰለ ውሸቱ ወዲያው ይታወቃል። አፍንጫው ትልቅ፣ ቁመቱ አጭር፣ ፀጉሩ የሳሳ፣ ንግግሩ የሠፈር የሆነ ሰው ድንገት ተፈላጊ ሆነ። ደስቲን ሆፍማን፣ ጂን ሃክማን፣ ሮበርት ዱቫል በዚያ ተከታታይ ፊልም ላይ ያለፉ ናቸው። ቀድሞ በነበረው መዝገብ ቢሆን ሦስቱም የዋና ተዋናይ ዓይነት ውስጥ አይገቡም ነበር። ኋላ ሦስቱም ኦስካር አገኙ።

አሁን ወደ ጆን ቮይት ልውሰዳችሁ፤ የዚህ ጽሑፍ ልብ እሱ ጋ ነውና። ቮይት ወጣት ሳለ ማሪየን መርጣው በ1963 በ«ኔከድ ሲቲ» ላይ ሠራ። ሥራው መጥፎ ነበር። ይህን የምለው እኔ አይደለሁም፤ ራሱ ቮይት እያፈረ ደጋግሞ የተናገረው ነው። ማሪየንም አልተከራከረችውም። በዚያ ሙያ እንዲህ ያለ ውድቀት ብዙ ጊዜ የመጨረሻ ነው። መራጩ አምኖ አቅርቦህ ከጣልከው፣ በአምራቾቹ ፊት የሚዋረደው እሱ ነው፤ ሁለተኛ ስምህን አያነሣም። ቀላሉ ነገር ካርዱን መቅደድ ነው።

አምስት ዓመት ያህል አለፈ። ጆን ሽሌሲንገር የተባለ እንግሊዛዊ ዳይሬክተር «ሚድናይት ካውቦይ» የሚባል ፊልም ሊሠራ ኒውዮርክ ገባ። ከቴክሳስ ተነሥቶ ትልቋ ከተማ የገባ፣ የዋህም ጠፊም የሆነ ወጣት ታሪክ ነው። (ፊልሙን እንድታዩት አልመክራችሁም፤ ሲወጣም ለአዋቂዎች ብቻ ተብሎ ነው የወጣው። ታሪኩን ለማወቅ ግን ፊልሙን ማየት አያስፈልግም።) ማሪየን ያቺ ካርድ ትዝ አለቻት። ቮይትን አቀረበችው። ዳይሬክተሩ አልፈለገውም፤ ማይክል ሳራዚን የተባለ ሌላ ተዋናይ መረጠ። ሳራዚን ግን በውል የታሰረ ነበርና ከኩባንያው ጋር የተደረገው ድርድር ፈረሰ። ያኔ ተመልሰው የሙከራ ቀረጻዎቹን አዩ፤ ማሪየን አሁንም ያንኑ ስም ነው የምትለው። በመጨረሻ ቮይት ገባ። ፊልሙ በ1969 ወጣ፣ የዓመቱ ምርጥ ፊልም ተብሎ ኦስካር ተሸለመ፤ ቮይትና ሆፍማን ሁለቱም ለምርጥ ተዋናይነት ታጩ።

ይህን ታሪክ ሳነብ ትዝ የሚለኝ ሳሙኤል በእሴይ ቤት አይደለም፤ እሱ ስለ ምርጫ በተነሣ ቁጥር የሚጠቀስ ነው። ትዝ የሚለኝ በርናባስ ነው። ማርቆስ በጵንፍልያ ትቷቸው ተመለሰ። ጳውሎስ በሚቀጥለው ጉዞ ሊወስደው አልፈለገም፤ ምክንያቱም ጥሩ ምክንያት ነበር፤ ሥራ መካከል ጥሎ የሄደ ሰው ነውና። ሁለቱ የቆዩ ወዳጆች በእሱ ምክንያት እስከ መለያየት ደረሱ። በርናባስ ግን ማርቆስን ይዞ ወደ ቆጵሮስ በመርከብ ሄደ። ከዓመታት በኋላ ጳውሎስ ራሱ ከእስር ቤት ሲጽፍ ማርቆስን ይዘህልኝ ና ብሎ ለጢሞቴዎስ ላከበት። ሳውልንም ቢሆን ከጠርሴስ ፈልጎ አንጾኪያ ያመጣው ይኸው ሰው ነው። በርናባስ ከዚያ በኋላ ከሐዋርያት ሥራ ትረካ ውስጥ ይጠፋል። ታሪኩን የሚይዙት እሱ ያመጣቸው ሰዎች ናቸው።

የማሪየንም ነገር እንዲያ ሆነ። «ሚድናይት ካውቦይ» ላይ ስሟ የለም። ልብስ የሰፋው ተጽፏል፣ ሙዚቃውን ያሰናዳው ተጽፏል፤ ቮይትን ካርድ አገላብጣ ያመጣችው ግን የለችም።

በ1965 ገደማ የራሷን ቢሮ ከፍታ ነበር፤ በማንሃተን በምሥራቅ 30ኛው መንገድ ላይ ባለ አሮጌ መኖሪያ ቤት ውስጥ። እዚያ ቤት የሚሠሩት አብዛኞቹ ወጣት ሴቶች ነበሩ። ስልክ ሊያነሱና ደብዳቤ ሊጽፉ ይገባሉ፤ ማሪየን ቴአትር ትልካቸዋለች፣ ያዩትን እንዲጽፉ ታደርጋለች፣ ለምን ይህን ወደዳችሁ ብላ ትጠይቃቸዋለች። ከእነዚህ አንዷ ጁልየት ቴይለር ናት፤ በ1968 ጸሐፊ ሆና የገባች። ሌሎቹም ኋላ በየስቱዲዮው የካስቲንግ ክፍል ኃላፊዎች ሆነዋል። የአል ፓቺኖ የመጀመሪያ ዋና የፊልም ሚና፣ በ1971 የወጣው «ዘ ፓኒክ ኢን ኒድል ፓርክ»፣ የዚሁ ቤት ሥራ ነው። በአጭሩ ያ ቤት ትምህርት ቤት ነበር፤ ምዝገባም ዲፕሎማም የሌለው። ሙያው ዛሬም በአብዛኛው በሴቶች እጅ ያለው አንዱ ምክንያት ይህ ይመስለኛል። ሌላው ምክንያት ያን ያህል ደስ አይልም፤ ለረጅም ጊዜ የጸሐፊነት ሥራ ተደርጎ ይቆጠር ስለ ነበር ክፍያው ዝቅተኛ ነበር፣ ወንዶቹም አልተሻሙትም።

በ1970ዎቹ አጋማሽ ፓራማውንት፣ ከ1979 እስከ 1999 ደግሞ ዋርነር ብራዘርስ በተባሉ ታላላቅ ኩባንያዎች የካስቲንግ ኃላፊ ሆና ሠራች። ከዚያ ዘመን አንድ ነገር ብቻ ልንገራችሁ። በ1987 የወጣው «ሊትል ዌፐን» ስለ ሁለት ፖሊሶች ነው፤ አንዱ ወጣትና ሕይወቱ የተቃወሰ፣ ሌላው ጎልማሳ፣ የቤተሰብ አባት። ለመጀመሪያው ሜል ጊብሰን ታሰበ። ለሁለተኛው ማሪየን ዳኒ ግላቨርን አቀረበች። ዳይሬክተሩ ሪቻርድ ዶነር ወዲያው ያለውን በኋላ ራሱ ተናግሯል፤ ጥቁር ነው እኮ ብሎ ነበር። እሷም ታዲያ ምን ይሁን አለችው። ስክሪፕቱ የሰውየውን ቀለም የሚናገር አንድ ቃል አልነበረውም። ዶነር ራሱን ነጻ አስተሳሰብ ያለው ሰው አድርጎ ይቆጥር እንደ ነበርና በዚያች ቅጽበት ራሱን ማፈሩን አልደበቀም።

እንግዲህ አስቡት፤ በወረቀቱ ላይ ማንም ነጭ ብሎ አልጻፈም። ክፉ ሰው አልከለከለም፣ ሕግም አልነበረም። ሁሉም ሲያነብ በጭንቅላቱ ነጭ ሰው ሣለ፤ በቃ። በድርሰቱ ውስጥ የሌለ ግድግዳ በአንባቢው ውስጥ ቆሞ ነበር። የግላቨር አባትነት፣ የሚስቱ፣ የልጆቹ፣ የእራት ጠረጴዛቸው ነገር የፊልሙ ሙቀት ሆነ፤ እስከ 1998 ድረስ ሦስት ተከታይ ፊልሞች ተሠሩለት። ተኩሱና ስድቡ ብዙ ነው፤ እሱን ለናንተ ማስተዋል እተዋለሁ።

ማሪየን ብቻዋን አልነበረችም፤ ከሌሎች ሁለት መራጮች ሥራ አንዳንድ ነገር ላንሳ፤ በተለይ የመጀመሪያውን ሳልነግራችሁ ማለፍ አልችልም። በ1980ዎቹ መጀመሪያ ሮላንድ ጆፌ የተባለ ዳይሬክተር ስለ ካምቦዲያ እልቂት «ዘ ኪሊንግ ፊልድስ» የሚል ፊልም ሊሠራ ተነሣ። የዋናውን ካምቦዲያዊ ሚና የሚይዝ ሰው ያስፈልጋል። ካምቦዲያዊ የፊልም ተዋናይ ከየት ይመጣል? የተማረውና አርቲስቱ ተለቅሞ የተገደለበት አገር ነው። ፓት ጎልደን የተባለች መራጭ በአሜሪካ ባሉ ስደተኞች መካከል መፈለግ ጀመረች። ሎስ አንጀለስ ውስጥ በአንድ የካምቦዲያውያን ሠርግ ላይ አንድ ሰው አየች። ሰውየው ሃይንግ ንጎር ይባላል። ሐኪም ነው፤ ሴቶችን የሚያክምና የሚያዋልድ። በሕይወቱ ተውኖ አያውቅም።

ክመር ሩዥ የተባሉት ኮሚኒስቶች በ1975 ዋና ከተማዋን ሲይዙ ንጎር ሐኪምነቱን ደበቀ፤ የተማረ ሰው ይገደል ነበርና። በጉልበት ሥራ ካምፕ ውስጥ ሚስቱ ምጥ ያዛት። በቀዶ ሕክምና ካልወለደች እንደማትተርፍ ባለሙያው ባሏ ያውቃል። መሣሪያ የለም፤ ሐኪምነቱም ከታወቀ የሁሉም መጨረሻ ነው። እሷም ሕፃኑም ሞቱ። በ1979 ወደ ታይላንድ አምልጦ፣ በኋላም አሜሪካ ገባ። ፊልሙን መጀመሪያ አልፈለገም ነበር። ያግባባው ለሟች ሚስቱ የአገራቸውን ታሪክ ለዓለም እንደሚናገር የገባላት ቃል ነው። ፊልሙ በ1984 ወጣ፤ በመጋቢት 1985 ንጎር በምርጥ ረዳት ተዋናይነት ኦስካር ተሸለመ። ጎልደን ያን ቀን ሠርጉ ላይ ፎቶ አምረው የሚወጡትን ብቻ ተመልክታ ብትሄድ ኖሮ ያ ሰው እንግዳ ሆኖ ወደ ቤቱ ይመለስ ነበር።

የእኛ ጎረቤትም በዚህ መንገድ ታይቷል። በ2013 ለወጣው «ካፕቴን ፊሊፕስ» ሶማሌያውያን የባሕር ላይ ዘራፊዎችን የሚሠሩ ሰዎች ሲፈለጉ፣ ብዙ ሶማሌዎች በሚኖሩባት በሚኒያፖሊስ ክፍት ኦዲሽን ተጠራ። ከ700 በላይ ሰው መጣ። ከተመረጡት አንዱ ባርካድ አብዲ ሞቃዲሾ ተወልዶ የመን ያደገ፣ አሜሪካ መኪና እየነዳ ይኖር የነበረ ወጣት ነው። ለኦስካር ታጨ፣ የእንግሊዙን ባፍታ ወሰደ።

ሁለተኛው መራጭ ሊን ስታልማስተር ነው፤ በማሪየን ዘመን በሎስ አንጀለስ በኩል ይሠራ የነበረ ወንድ። ለ1978ቱ «ሱፐርማን» ሲመርጥ የአንድ ቀጭን ያልታወቀ የቴአትር ልጅ ፎቶ ከክምሩ ላይ ያስቀምጣል፤ አምራቾቹ ይጥሉታል፤ መልሶ ያስቀምጠዋል፤ ይጥሉታል። ሦስት ጊዜ። ልጁ ክሪስቶፈር ሪቭ ነው። ጡንቻውን ኋላ በስፖርት ነው ያመጣው።

እንግዲህ ወደ ስሙ ጉዳይ እንመለስ። በ1982 መራጮቹ የሙያ ማኅበር አቋቋሙ። የሚፈልጉት ሁለት ነገር ነበር፤ ስማቸው ፊልሙ ላይ እንዲጻፍና እንደ ሌሎቹ ባለሙያዎች ኦስካር እንዲመደብላቸው። የመጀመሪያው ቀስ በቀስ ተሳካ፤ ግን «ካስቲንግ ዳይሬክተር» የሚለውን መጠሪያ የዳይሬክተሮች ማኅበር አልወደደውም። ዳይሬክተር አንድ ነው፣ እሱም ፊልሙን የሚመራው ነው የሚል ክርክር ነው። ለዚህ ነው እስከ ዛሬ ፊልሙ ላይ የምታነቡት «ካስቲንግ በእገሌ» ብቻ የሆነው። የሚገርመው፣ የፎቶግራፉም የሥነ ጥበቡም ኃላፊ ዳይሬክተር ሲባሉ ያን ያህል አልተቆጡም።

ስለ ሽልማቱ የሚቀርበው ተቃውሞ ግን ሚዛን ነበረው፤ ፍትሐዊ እንሁን። መራጭ ያቀርባል እንጂ የሚወስነው ዳይሬክተሩ ነው። ውጭ ሆኖ ፊልሙን የሚያይ ሰው ማን ማንን እንዳመጣ በምን ያውቃል? ጥያቄው እውነተኛ ነው። ሆኖም ስለ ፊልም አርታዒውም ይኸው ሊባል ይችላል፤ የትኛው ቁራጭ በዳይሬክተሩ ትእዛዝ እንደ ቀረ ማንም አያይም፤ አርታዒ ግን ከ1930ዎቹ ጀምሮ ይሸለማል። እኔን የሚያሳምነኝ የዶነርና የሽሌሲንገር ታሪክ ነው። ሁለቱም ዳይሬክተሮች ለራሳቸው ቢተው ሌላ ሰው ይመርጡ ነበር።

በ1991 ስመ ጥር ዳይሬክተሮችና ተዋናዮች ለማሪየን የክብር ኦስካር ይሰጣት ብለው ለአካዳሚው ደብዳቤ ጻፉ። አልተሰጣትም። በታኅሣሥ 2011 በ88 ዓመቷ ኒውዮርክ ውስጥ አረፈች። በሚቀጥለው ዓመት ስለ እሷና ስለ ሙያው «ካስቲንግ ባይ» የተባለ ዘጋቢ ፊልም ወጣ፤ ካርዶቹም በዚያ ፊልም ላይ ይታያሉ፤ ቮይትም ዶነርም እዚያ ቀርበው ይመሰክራሉ። በ2013 አካዳሚው ለመራጮች የራሳቸውን ክፍል ከፈተላቸው። በኅዳር 2016 ስታልማስተር የክብር ኦስካር ሲቀበል በሙያው የመጀመሪያው ሆነ። እንግሊዞቹ ከ2020 ጀምሮ በባፍታ መሸለም ጀመሩ። አካዳሚው ደግሞ በ2024 መደበኛ የካስቲንግ ኦስካር እንደሚኖር አስታወቀ፤ የሚመለከተውም በ2025 የወጡ ፊልሞችን ጀምሮ ነው። የኦስካር ሽልማት ሥነ ሥርዓት መደረግ ከጀመረ ያን ጊዜ ዘጠና አምስት ዓመት ሊሞላው ነበር።

በዚያው በ2024 ኅዳር ወር ላይ አካዳሚው የክብር ኦስካር ከሰጣቸው ሰዎች አንዷ ጁልየት ቴይለር ነበረች፤ በ1968 የ30ኛው መንገድ ቤት ጸሐፊ ሆና የገባችው።